ዘፋኙን አይቼ በሽተኛውን ሳላይ
(በመገናኛ በዓላችን የእራት ምሽት የቀረበ ንግግር)



አዘጋጆቹ ደውለው «ንግግር አድርጊልን» ሲሉኝ አንድ ቅድመ ሁኔታ ነበራቸው። «እባክሽ ስላይድ አታምጪ፣ ስለ በሽታም አታውሪ፤ ሰው እራት እየበላ ነው» አሉኝ። የቃሌን ግማሽ እጠብቃለሁ። ስላይድ የለኝም። ስለ በሽታ ግን ወደ መጨረሻው ላይ ትንሽ ማምለጡ አይቀርም፤ ከወዲሁ ይቅር በሉኝ።

የማወራችሁ ስለ ድሮ የአሜሪካ አጫጭር ፊልሞች ነው። በተለይ ደግሞ በዕቃ ባቡር ላይ ተንጠላጥለው አገር ለአገር የሚዞሩ ድሆች እሳት ዳር ተቀምጠው ሲዘፍኑ፣ ሲጨፍሩ፣ ሲቀልዱ ስለሚያሳዩት ፊልሞች። «ይቺ ሴትዮ ከመቼ ወዲህ ነው የፊልም ሰው የሆነችው?» እንደምትሉ አውቃለሁ። የፊልም ሰው አይደለሁም። ነገሩ የጀመረው በብርድ ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ለአንድ ዓመት ሥልጠና ቺካጎ ነበርኩ። የቺካጎን ክረምት የሚያውቅ ያውቀዋል። ከምሠራበት ወደ ማድርበት ስሄድ መንገዴ ላይ አንድ ቤተ መጻሕፍት ነበር፤ ሐሙስ ሐሙስ ማታ የድሮ አጫጭር ፊልሞችን በነጻ ያሳያሉ። እውነቱን ልናገርና መጀመሪያ የገባሁት ለማሞቂያው ነው። ከዚያ ግን ለፊልሙም መሄድ ጀመርኩ። አብረውኝ የሚያዩት አምስት ስድስት ሽማግሌዎች ነበሩ፤ ግማሾቹ እንደ እኔ ለሙቀቱ የመጡ ይመስለኛል።

እንግዲህ ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጠራው።

በአሜሪካ ከፊልም በፊት ቮድቪል የሚሉት የመድረክ ትርዒት ነበራቸው። የእኛን ሀገር ፍቅር ትያትር ቤት የበዓል ዝግጅት አስቡት፤ አንዱ ይዘፍናል፣ አንዷ ትጨፍራለች፣ አንዱ ቀልድ ያወራል፣ አንዱ ኳስ እያንቀለበ ያስደንቃል፣ ከዚያ መጋረጃ። በዚያ መድረክ ላይ ቡቱቶ የለበሰ፣ አፍንጫው የቀላ፣ ሥራ የማይወድ ዘዋሪ ቋሚ ገጸ ባሕርይ ነበር። በኋላ በፊልም ስሙ የገነነው ደብሊው ሲ ፊልድስ ሥራውን የጀመረው በ1890ዎቹ መጨረሻ እንደዚህ ለብሶ ኳስ በማንቀልበል ነው። ናት ዊልስ የሚባለው ቀልደኛ ደግሞ መጠሪያው «ደስተኛው ዘዋሪ» ነበር። ልብ በሉ፤ ደስተኛው!

ፊልም ሲመጣ ይህን ሰውዬ ከነቡቱቶው ከመድረክ ወረሰው። ሁላችንም የምናውቀው ቻርሊ ቻፕሊን በ1914 በዚያ አለባበስ ብቅ አለ። በ1916 ደግሞ «ዘዋሪው» የምትባል አጭር ፊልም ሠራ። እዚያ ላይ ቻፕሊን ቫዮሊን ይዞ የሚዞር ሙዚቀኛ ነው። መጠጥ ቤት በር ላይ ይጫወታል፤ ከጎኑ ሌላ የሙዚቃ ጓድ ጥሩንባውን ሲያንባርቅ የእሱ ቫዮሊን ይዋጣል። ታዲያ ምን ያደርጋል? ባርኔጣውን ይዞ ወደ ውስጥ ይገባና ሌሎቹ የተጫወቱበትን ገንዘብ እሱ ይሰበስባል! ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ ሙዚቃውን የሚሰጠው አዳራሽ ውስጥ ያለው ፒያኖ መቺ ነው። ሰው ግን ቫዮሊኑን የሰማው ይመስለዋል።

ድምፁ በ1926 መጣ። ዋርነር የተባለው ኩባንያ ቫይታፎን በሚለው ዘዴ ድምፁን በትልቅ ሸክላ ቀርጾ ከፊልሙ ጋር አብሮ ማጫወት ጀመረ። አንዱ ሸክላ የሚይዘው አሥር ደቂቃ ገደማ ሲሆን የአንድ ጥቅል ፊልም ርዝመትም ያው ነው። ካሜራው ደግሞ ስለሚያንኳኳ ድምፁ እንዳይሰማ በታሸገ ሳጥን ውስጥ ይቆለፍበታል፤ ወዲያና ወዲህ ማለት የለም። እንግዲህ አስቡት፤ አሥር ደቂቃ አለህ፣ ካሜራህ አይነቃነቅም፣ ከመድረክ ያመጣሃቸው ዘፋኝና ተጫዋቾች ተራ እየጠበቁ ነው። ምን ዓይነት ታሪክ ትሠራለህ? ሰዎች አንድ ቦታ ተቀምጠው በየተራ የሚጫወቱበትን ነዋ! ሽርሽር፣ ፓርቲ፣ የሬዲዮ ጣቢያ፣ ወይም የዘዋሪዎች የእሳት ዳር። ለእኔ እንደሚመስለኝ የእሳት ዳሩ በጣም የተመቸው ለዚህ ነው። ማን እንደሆነ፣ ከየት እንደመጣ ማስረዳት አያስፈልግም። ባቡር አመጣው፣ ዘፈነ፣ ባቡር ወሰደው።

ትዕይንቱ ሲደጋገም ትለምዱታላችሁ። ከሐዲዱ ዳር ጫካ ውስጥ እሳት ይነዳል። በአሮጌ ጣሳ ሁሉም ያገኘውን የጣለበት ወጥ ይንተከተካል። አንዱ ሃርሞኒካ ያወጣል፣ አንዱ ማበጠሪያ ላይ ወረቀት አድርጎ ይነፋል፣ አንዱ የልብስ መፈተጊያ ቆርቆሮ ይፍቃል፣ አንዱ ጫማው ተቀዶ ጣቶቹ እየታዩ ይጨፍራል። የባቡር ዘበኛ ዱላ ይዞ ይመጣል፣ ይሮጣሉ፣ ያልቃል። የካርቱን ሠሪዎችም ወሰዱት፤ በ1930 ቦስኮ የሚባለው ገጸ ባሕርይ በዕቃ ፉርጎ ውስጥ ከአንድ አሳማ ጋር ባንጆ እየመታ ይጓዛል። በ1939 ደግሞ ከቁርጥራጭ ዕቃ የሙዚቃ መሣሪያ የሠሩ የዘዋሪዎች ባንድ ያለበት ካርቱን ወጣ።

እኔም ከሽማግሌዎቹ ጋር ሳቅሁ። ያስቃሉ እኮ! አንድ ቀን ግን ፊልሙ ሲያልቅ አጠገቤ ያሉት አንድ ሽማግሌ ዞር ብለው «የእኔ አባት በዚህ ባቡር ሄዷል። እግሩን አጥቶ ነው የተመለሰው» አሉኝ። ሌላ ምንም አላሉም፤ ኮታቸውን ለብሰው ወጡ። ከዚያ በኋላ ነው ማንበብ የጀመርኩት።

ሆቦ የሚባሉት እነማን ነበሩ? ራሳቸው ዘዋሪዎቹ ልዩነት ያበጃሉ። ሆቦ ለሥራ የሚዞር ነው፤ ትራምፕ የሚዞር ግን ሥራ የማይወድ፤ በም ደግሞ አይዞርም፣ አይሠራም። ሆቦውን ትራምፕ ብትለው ይቀየማል። ስንዴ ሲደርስ ከቴክሳስ ተነስተው አዝመራውን እየተከተሉ እስከ ዳኮታ ድረስ ያጭዳሉ፣ በክረምት ከሐይቅ በረዶ ይቆርጣሉ፣ እንጨት ይጥላሉ፣ ሐዲድ ይዘረጋሉ። አሠሪዎች ጉልበታቸውን ይፈልጋሉ፤ የባቡር ቲኬት የሚቆርጥላቸው ግን የለም። ስለዚህ በዕቃ ባቡር ጣሪያ፣ በፉርጎዎቹ መካከል፣ ከታች ባለው ብረት ላይ ተጋድመው ይሄዳሉ። በዚያ ዘመን በየዓመቱ በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ያለፈቃድ ሐዲድ ላይ ወይም ባቡር ላይ ሆነው ይሞቱ ነበር፤ እጅና እግራቸውን ያጡትም እንዲሁ። በ1930ዎቹ የኢኮኖሚ ድቀት ጊዜ ወደ ሩብ ሚሊዮን የሚጠጉ ወጣቶች መንገድ ላይ እንደነበሩ ይገመታል። ጥቁር ከሆንክ ደግሞ ነገሩ ሌላ ነው። በመጋቢት 1931 አላባማ ውስጥ ዘጠኝ ጥቁር ወጣቶች ከዕቃ ባቡር ላይ ወርደው ታሰሩ፤ ባልሠሩት የመድፈር ወንጀል ተከሰው ስምንቱ ሞት ተፈረደባቸው። ሲኒማ ቤቶቹ ደስተኛውን ዘዋሪ በሚያሳዩባቸው በእነዚያው ዓመታት።

አሁን ወደ አንድ ፊልም ልምጣ። በ1929 ኒው ጀርሲ ውስጥ ካምደን ከተማ የተቀረጸ ነው፤ አሥር ደቂቃ አይሞላም። ዘፋኙ ጂሚ ሮጀርስ ነው። የአሜሪካ የገጠር ሙዚቃ አባት የሚሉት ሰው። የባቡር ጣቢያ ምግብ ቤት ውስጥ፣ የባቡር ሠራተኛ ልብስ ለብሶ፣ ጊታሩን ይዞ፣ ሁለት ሴቶች እየሰሙት ሦስት ዘፈን ይዘፍናል። የመጀመሪያው ገንዘብ የሌለው ሆቦ ባቡር ስለመጠበቁ ነው፤ የባቡሩ ፍሬን ያዥ ከፉርጎው ያወርደዋል። ነገሩ የሚገርመው ሮጀርስ ራሱ ፍሬን ያዥ የነበረ መሆኑ ነው፤ ፊልሙ ላይም የለበሰው የፍሬን ያዡን ልብስ ነው። ማለትም ከባቡር የሚያወርደውን ሰው ልብስ ለብሶ የወረደውን ሰው እንባ ይዘፍናል።

በመጀመሪያው ሐሙስ ይህን ብቻ አይቼ ወጣሁ። ድምፁን ከደረቱ ወደ ላይ እየሰበረ፣ ዮድል የሚሉትን እያዜመ፣ ፈገግ እያለ። በሁለተኛው ጊዜ ግን ታሪኩን አንብቤ ነበርና የሐኪም ዓይኔ ተከፈተ። ፊቱ ከሲታ ነው። ይህ ሰው ሳንባ ነቀርሳ እንዳለበት የታወቀው በ1924፣ በ27 ዓመቱ ነው። ለባቡር ሥራ አቅም ሲያንሰው ነው ዘፈንን ጠበቅ አድርጎ የያዘው። በፊልሙ ላይ የሚዘፍነው በታመመ ሳንባ ነው። ኮክ የበሽታውን ባክቴሪያ ያገኘው በ1882 ነው፤ የመጀመሪያው ፍቱን መድኃኒት ስትሬፕቶማይሲን የተገኘው በ1943። ሮጀርስ በሽታው ስም ባለው፣ መድኃኒት በሌለው ዘመን መካከል ወደቀ። በ1931 ስለ ራሱ ቲቢ ዘፈነ። በግንቦት 1933 ኒው ዮርክ ሄዶ የመጨረሻ ዘፈኖቹን ሲቀዳ በየመሃሉ የሚያርፍበት አልጋ ተዘርግቶለት ነበር። በ26ኛው ቀን ሞተ። 35 ዓመቱ ነበር።

ድምፁ ግን የት ድረስ እንደሄደ ታውቃላችሁ? ጎረቤታችን ኬንያ ድረስ። በ1950 ሂዩ ትሬሲ የሚባል የሙዚቃ ሰብሳቢ ኪፕሲጊስ በሚባሉት ሕዝቦች ዘንድ ሲቀርጽ ስለ «ቼሚሮቻ» የሚዘፈን ዘፈን አገኘ። ጂሚ ሮጀርስን ማለታቸው ነው፤ በሸክላ ሰምተውት። ድምፁ ባሕር ተሻግሮ መጣ። ሳሉ እዚያው ቀረ።

እንግዲህ ማምለጤ አይቀርም ያልኩት እዚህ ላይ ነው። ይህን ፊልም ሳይ ትዝ ያለኝን ሰው ልንገራችሁ። ከሃያ ዓመት በላይ በልቤ ይዤው ነው።

ኢንተርን ነበርኩ። የት እንደሆነ ልተወው፤ ጥፋቱ የእኔ እንጂ የሕንፃው አይደለም። አንድ ሃያ አምስት ዓመት የሚሆነው የጎጃም ልጅ ትኩሳት ይዞት ገባ። ከስቷል፣ ጣፊያው አብጧል። ከሌላው ልብሱ ጋር ዋሽንት ይዞ ነበር። ወባ ነው ብዬ ጀመርኩለት፤ ሲቆይ ታይፎይድም ሊሆን ይችላል ብዬ ጨመርኩ። ካርዱን ብታዩት ቆንጆ ጽሑፍ ነው፤ ሥራ በሚለው ላይ «ገበሬ» ብዬ ጽፌአለሁ።

ልጁ የዎርዱ ጨዋታ ሆነ። ማታ ማታ ዋሽንቱን ይነፋል፤ ትንፋሽ ሲያጥረው ደግሞ ስለ ቆላ፣ ስለ ሙቀቱ፣ ስለ አሠሪዎች ቀልድ ያወራል። አስታማሚዎች ከሌላ ክፍል ሳይቀር ይመጣሉ። እኔም ድካሜን የምረሳው እዚያ ነበር። በጠዋት ራውንድ ላይ ሲኒየሩ «እንዴት ነው?» ሲሉኝ «ተሽሎታል» አልኩ። ለምን? ሲጫወት ስላመሸ! ትኩሳቱ ግን አልወረደም ነበር። እኔ የሰማሁት ዋሽንቱን ነው።

በሳምንቱ ገደማ አፍንጫው ደማ። የሌሊት ተረኛዋ ሲስተር፣ ብዙ ያየች ሴት፣ ፊቱን እየጠረገችለት «አንተ ልጅ፣ ዘንድሮ ቆላ ወርደህ ነበር?» አለችው።

«አዎ፣ መተማ። ሰሊጥ አጨዳ።»

«የት ነበር የምታድሩት?»

«ግራር ሥር ነዋ፤ ሌላ ምን አለ?»

ዞር ብላ አየችኝ። ምንም አላለችም። እዚህ ያለን ሐኪሞች ሁሉ ቀሪውን እናውቀዋለን። ካላዛር። ከጣፊያው ናሙና ሲወሰድ ተገኘ። ከደጋ ወርደው ሁመራና መተማ ሰሊጥና ማሽላ የሚያጭዱ ልጆች በአሸዋ ዝንብ ተነክሰው የሚያመጡት በሽታ፤ ግራር ሥር ማደር አደጋውን እንደሚጨምር ተምረን በፈተና ላይ የመለስነው። እኔም መልሻለሁ፤ በትክክል። በሽተኛዬን ግን ከየት እንደመጣ አልጠየቅሁም።

ልጁ አልሞተም። እግዚአብሔር ይመስገን። በየቀኑ መርፌ እየተወጋ፣ ለሳምንታት ተኝቶ፣ ዳነ። ሲወጣ ዋሽንቱን በጋቢው ጠቅልሎ መጣና ዝቅ ብሎ «እግዜር ይስጥልኝ ዶክተር፤ እርስዎ ነዎት ያተረፉኝ» አለኝ። እኔም «አይዞህ፣ በርታ» ብዬ ምስጋናውን ተቀበልኩ። ሲስተሯ በአጠገባችን ነበረች። «እሷን አመስግን» ማለት ያቃተኝን ያህል በሕይወቴ ያቃተኝ ነገር ጥቂት ነው።

ታዲያ ከብዙ ዓመት በኋላ በቺካጎ ብርድ፣ ያንን ፈገግ የሚል ባለጊታር ሳይ፣ የተሳሳትኩትን ስህተት አወቅሁት። እኔም ሲኒማ ቤት ነበርኩ። የሚዘፍን ሰው ደህና ነው ብዬ ነበር። አጭር ፊልም አሥር ደቂቃ ብቻ ስላለው፣ ሸክላው ስለሚያልቅ፣ ሰውየው ከየት መጣ የሚለውን ይተወዋል። የእኔ ምክንያት ምን ነበር? ሸክላ የለብኝ!

ፊልሞቹን መኮነኔ አይደለም። ልጁም ሲጫወት አላታለለኝም። ሰው ሲታመምና ሲቸገር የሚዘፍነው ለማስመሰል አይደለም፤ ለመሰንበት ነው። በእኛም አገር የቆሎ ተማሪ ደበሎውን ለብሶ በየደጁ በእመቤታችን ስም እየለመነ ነው የሚማረው፤ ላሊበሎች ጎሕ ሳይቀድ በሰው ደጅ ያዜማሉ። ካላዜምን የሥጋ ደዌ ይይዘናል ብለው እንደሚያምኑ ይነገራል። በሽታው የሚመጣው ከቲቢ ባክቴሪያ ዘመድ እንጂ ከዝምታ እንዳልሆነ እኛ እናውቃለን። ግን ስንቶቻችን ነን በሩን ከፍተን፣ ሳንቲሙን ሰጥተን፣ «እናንተስ ደህና ናችሁ?» ያልን? ዜማው ካለቀ በሩን እንዘጋለን።

በዚያው በቺካጎ ቤን ራይትማን የሚባል ሐኪም ነበር። በልጅነቱ ራሱ በዕቃ ባቡር የዞረ ነው። ሐኪም ሆኖ ሲመለስ ማንም የማይነካቸውን ዘዋሪዎችና ሴተኛ አዳሪዎች ያክም ነበር፤ የሆቦ ኮሌጅ በሚባለውም ውስጥ ዋና ሰው ነበር፤ ዘዋሪዎቹ ተሰብስበው ንግግር የሚሰሙበት፣ የሚከራከሩበት ቦታ። ኃጢአትም ነበረበት፤ ጻድቅ አላደርገውም። ግን በሽተኛው ወንበር ላይ ሲቀመጥ የመጣበትን መንገድ ያውቀው ነበር፤ ሄዶበታልና።

እኛ ሁላችንም በዕቃ ባቡር መሄድ አንችልም። መጠየቅ ግን እንችላለን። ጣሊያናዊው ራማዚኒ በ1700 ስለ ሠራተኞች በሽታ የጻፈውን መጽሐፍ ሲያወጣ ሐኪሞች በሽተኛውን ሥራውን ጭምር እንዲጠይቁት መክሯል። ሦስት መቶ ዓመት አልፎ እኔ «ገበሬ» ብዬ ጽፌ ዘጋሁት።

ስለዚህ ለመምህሮቻችን አንድ ልመና አለኝ። ተማሪዎች ሂስትሪ መውሰድ ሲማሩ ሦስት ጥያቄ ይጨመርላቸው፦ ባለፈው ዓመት የት የት ሠራህ? በምን ሄድክ? የት ታድር ነበር? እኔ ላለፉት ዓመታት ከእኔ ጋር የሚሠሩትን ሁሉ እንዲህ አስጠይቃለሁ። ሁለት ደቂቃ ነው የሚወስደው። ለጓደኞቼ ደግሞ ሌላ ልመና አለኝ። ከእናንተ መካከል በሽተኛችሁን ያተረፈ፣ ስሟ ካርድ ላይ ያልተጻፈ ሲስተር ካለች፣ ዛሬ ማታ ደውሉላት። የእኔዋን ባለፈው ዓመት ፈልጌ አገኘኋት፤ ጡረታ ወጥታለች። ነገሩን ስነግራት ሳቀችና «ውይ ዶክተርዬ፣ አሁንም ታስቢዋለሽ? ዋሽንቱ ግን ጥሩ ነበር» አለችኝ።

እውነቷን ነው። ዋሽንቱ ጥሩ ነበር።

እራታችሁ ስለበረደ ይቅርታ። ያስተማሩንን ያኑርልን፤ ያለፉትን ነፍሳቸውን ይማር፤ በሚቀጥለው በዓል ሁላችንንም በደህና ያገናኘን።